የሚታጠፍ ካርቢን ለኢላማ ይሆናል ወይ? ከማጠፊያው እስከ ኢላማው ወረቀት የሚፈተሽበት መንገድ

«ይቺ ለሁለት የምትታጠፈው ጠመንጃ ለኢላማ ትሆናለች ወይስ መጫወቻ ነች?» ጥያቄው በተለያየ አነጋገር ደጋግሞ ስለሚመጣ አንድ ጊዜ በዝርዝር መጻፉ ይሻላል። አጭሩ መልስ፦ ትሆናለች፤ ግን ታጥፋ ከተዘረጋች በኋላ ጥይቷን ቀድሞ ትመታበት በነበረው ቦታ ላይ ካሳረፈች ብቻ ነው። ክብደቱ፣ ምላጩ፣ መልኩ ሁሉ ከዚህ በኋላ የሚታይ ነገር ነው።

እዚህ የምናየው 9 በ19 ሚሊ ሜትር የሽጉጥ ጥይት የሚጎርሱትንና ምላጭ በተሳበ ቁጥር አንድ ጥይት ብቻ የሚተኩሱትን የሚታጠፉ ካርቢኖች፣ ማለትም አጫጭር ጠመንጃዎች፣ ነው። በስም የሚታወቁት ሁለት የአሜሪካ ሥራዎች ናቸው። ኬልቴክ ሰብ-2000 እ.ኤ.አ. በ2001 የወጣ ሲሆን በርሜሉ ወደ ላይ ተነስቶ ወደ ኋላ ይተኛል፤ ክብደቱ 2 ኪሎ ገደማ ነው። የስሚዝ ኤንድ ዌሰን ኤፍፒሲ እ.ኤ.አ. በ2023 ወጣ፤ ወደ ጎን ይታጠፋል፣ 2.3 ኪሎ ገደማ ይመዝናል። ሁለቱም ሲታጠፉ ርዝመታቸው 41 እና 42 ሴንቲ ሜትር አካባቢ ነው። የፍተሻው አካሄድ ግን ለየትኛውም የሚታጠፍ ካርቢን አንድ ነው።

ከሁሉ በፊት ፈቃድና ቦታ

መሣሪያ መያዝን የሚመለከተው የጦር መሣሪያ አስተዳደርና ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 1177/2012 ነው። ያለ ፈቃድ መያዝም፣ መግዛትም፣ ከውጭ ማስገባትም ያስቀጣል። «ወንድሜ ከአሜሪካ ሲመጣ በሻንጣ ያመጣልኛል» የሚለውን ሐሳብ ከአሁኑ ይተዉት። የትኛው ዓይነት ለማን እንደሚፈቀድ ብር ከመክፈልዎ በፊት ፖሊስ ዘንድ ቀርበው ይጠይቁ። ሱሉልታ፣ ቡራዩ፣ ለገጣፎ ወይም ሰበታ ለሚኖር ሰው አንድ ነገር ይጨመራል፦ እነዚህ ቦታዎች በሸገር ከተማ፣ በኦሮሚያ ክልል ሥር ናቸው። ከአዲስ አበባ መሣሪያ ይዞ ወደዚያ መውጣት ክልል መሻገር ስለሆነ ኬላ ላይ ከመድረስዎ በፊት የሁለቱንም ወገን ፖሊስ ይጠይቁ።

ተኩሱ በተፈቀደ የልምምድ ሜዳ ብቻ ይሁን። የእንጦጦ ጀርባም ሆነ የሱሉልታ መስክ ባዶ ቢመስልም ባዶ አይደለም፤ ባሕር ዛፉ ውስጥ ጭራሮ ለቃሚ፣ መስኩ ላይ እረኛ አለ። የ9 ሚሊ ጥይት ቀና ተደርጎ ከተተኮሰ ከ1.5 ኪሎ ሜትር በላይ ይሄዳል። ድንጋያማ ገደል ደግሞ ጥይቱን ያነጥረዋል እንጂ አይውጠውም። ከኢላማው ኋላ የሚፈለገው ከሰው ቁመት በደንብ የሚበልጥ፣ ድንጋይ ያልበዛበት የአፈር ቁልል ነው።

የሚያስፈልጉ ነገሮች

- 100 ጥይት፦ ከአንድ ፋብሪካ፣ አንድ ዓይነት፣ ቢቻል ከአንድ ካርቶን። የተደባለቀ ጥይት ውጤቱን ከንቱ ያደርገዋል።
- 5 የመለማመጃ ጥይት፦ ባሩድም መቀጣጠያም የሌለው፣ ቀለሙ ከእውነተኛው በግልጽ የሚለይ
- 2 ካዝና፦ ለዚሁ ሞዴል የሚሆን
- የጆሮ መሸፈኛና የማይሰበር መነጽር፣ ለእርስዎም አጠገብዎ ለሚቆመውም
- 2 የአሸዋ ከረጢት፣ እያንዳንዱ 5 ኪሎ ገደማ
- 12 የኢላማ ወረቀት፦ ኤ4 ላይ 5 ሴንቲ ሜትር ጥቁር ክብ ቢሠሩበት ይበቃል
- ቀጭን ማርከር፣ ማስመሪያ፣ ደብተር
- የሻንጣ ሚዛን፣ ባለ መንጠቆው
- ትንሽ ባትሪ፣ ማጽጃ ዘንግ፣ ጨርቅ፣ የመሣሪያ ዘይት
- ለማጠፊያው ብሎን የሚሆን ካቻቢቴ ወይም አለን ቁልፍ

ጥይቱ ለምን 100 ሆነ? ለመጀመሪያ ፍተሻ 8፣ ለአሠራር 20፣ ማነጣጠሪያ ለማስተካከል 10፣ ሳያጥፉ ለሚተኮሰው 20፣ እያጠፉ ለሚተኮሰው 20፣ ለ50 ሜትር 10። ቀሪው 12 ለመጠባበቂያ ነው።

ደረጃዎቹ

1. ባዶ መሆኑን ያረጋግጡ

አፈሙዙን ወደ አፈር ቁልሉ ያድርጉ፣ ጣትዎን ከምላጩ ያርቁ። መጀመሪያ ካዝናውን ይንቀሉ፣ ከዚያ ሦስት ጊዜ ያቀባብሉ፣ ከዚያ መዝጊያውን ከፍተው ይቆልፉ። ጥይት የሚጎርስበትን ክፍል በባትሪ ይዩት፣ በትንሿ ጣትዎም ይዳስሱት። ቅደም ተከተሉ አይገለበጥ፤ ካዝናው ሳይነቀል ካቀባበሉ አንዱን ጥይት አውጥተው ሌላውን አጎረሱ ማለት ነው።

ማስጠንቀቂያ፦ እንዲህ ዓይነት ካርቢን ሲታጠፍ አፈሙዙ ወደ ሰደፉ፣ ማለትም ወደ ያዘው ሰው ይዞራል። ሌላው ጠመንጃ ላይ ይህ ችግር የለም። ስለዚህ ከማጠፍዎ በፊት ባዶነቱን ማረጋገጥ በየጊዜው፣ ያለ ማቋረጥ፣ ከአንድ ደቂቃ በፊት አይተውት ቢሆን እንኳ ነው።

2. በርሜሉን ይዩ

የማጠፉ አንዱ ጥቅም እዚህ ነው፦ ሲታጠፍ የበርሜሉ ኋላ ይገለጣል። ነጭ ወረቀት በአፈሙዙ በኩል ይያዙና በባትሪ እያበሩበት ከኋላ ይመልከቱ። ጠመዝማዛው መስመር ሳይቋረጥ መታየት አለበት። መሃል ላይ እንደ ቀለበት የጠቆረ ጥላ ካዩ በርሜሉ አብጧል፤ ቀድሞ የተቀረቀረ ጥይት ላይ ሌላ ተተኩሶበታል ማለት ነው። እዚህ ላይ ፍተሻው ያበቃል፣ መሣሪያው አይተኮስም። የአፈሙዙ ጠርዝም ጭረትና ጉርድ የሌለበት መሆን አለበት፤ ጥይቱ በመጨረሻ የሚነካው እሱን ስለሆነ ትንሽ ጉርድ አቅጣጫውን ያዛባዋል።

3. ማጠፊያውንና መቀርቀሪያውን ይፈትኑ

ዋናው ደረጃ ይህ ስለሆነ አይቸኩሉ።

ሀ. መሣሪያው ተዘርግቶ እንዳለ በመጋጠሚያው ላይ፣ ከአንዱ ክፍል ወደ ሌላው የሚሻገር ቀጭን የማርከር መስመር ያስምሩ፤ አንዱን ከላይ፣ አንዱን ከጎን።

ለ. 20 ጊዜ ያጥፉ፣ ይዘርጉ። መቀርቀሪያው ሁልጊዜ በአንድ ዓይነት ድምፅ፣ ሳይገፉት በራሱ መያዝ አለበት። 20 ጊዜ ውስጥ አንዴ እንኳ በእጅ መግፋት ካስፈለገ ይመዝግቡት።

ሐ. መስመሮቹን ይዩ። ተቋርጠው ከታዩ መጋጠሚያው ወደ ቦታው አልተመለሰም።

መ. የኋላውን ክፍል በጉልበቶችዎ መሃል አጥብቀው ይያዙ፣ በርሜሉን ከጫፉ ይዘው ወደ ላይ፣ ወደ ታች፣ ወደ ግራ፣ ወደ ቀኝ ይግፉት። ትንሽ መለጠጥ የፕላስቲክ አካል ጠባይ ነው። «ቀጭ» የሚል ከሆነ ግን ክፍተት አለ።

ክፍተቱ ለምን ያስጨንቃል? በርሜሉ በ30 ሴንቲ ሜትር ርዝመት ላይ 0.1 ሚሊ ሜትር ብቻ ቢያዘነብል፣ በ50 ሜትር ላይ 1.7 ሴንቲ ሜትር ይሆናል። 0.3 ሚሊ ከሆነ 5 ሴንቲ ሜትር። አንድ ኤ4 ወረቀት ውፍረቱ 0.1 ሚሊ ገደማ ነው፤ በዓይን የማይታይ ክፍተት ኢላማው ላይ የሚታየው ለዚህ ነው።

ቀጥሎ ማነጣጠሪያው ከማጠፊያው በየትኛው ወገን እንደተቀመጠ ይዩ። ቀይ ነጥብ የሚያሳየው መነጽር በኋለኛው ክፍል ላይ ከሆነ የበርሜሉ መዛነፍ በሙሉ ኢላማው ላይ ይወጣል። ከበርሜሉ ጋር አብሮ በሚንቀሳቀሰው ክፍል ላይ ከሆነ ማጠፊያው ቢላላም አብረው ስለሚዛነፉ ጉዳቱ ትንሽ ነው። የፊቱ በበርሜሉ ላይ፣ የኋላው በኋለኛው ክፍል ላይ የሆነ የብረት ማነጣጠሪያ በሁለቱ መሃል ነው፤ ስህተቱን በከፊል ያቃናዋል። ይህን ሳያዩ መነጽር መግዛት ገንዘብ መጣል ነው። ወደ ላይ የሚታጠፈው ዓይነት ላይ ደግሞ ሌላ ችግር አለ፦ በቀድሞዎቹ የሰብ-2000 ትውልዶች ከላይ የተገጠመ መነጽር ማጠፉን ይከለክላል፤ እ.ኤ.አ. በ2023 የወጣው ሦስተኛው ትውልድ የፊቱን እጀታ በማዞር ይህን አቃሏል።

4. በመለማመጃ ጥይት ያጉርሱ

5ቱን ካዝና ውስጥ ይክተቱ፣ የማቀባበያውን እጀታ እስከ መጨረሻው ስበው ይልቀቁት። አብረውት በእጅ አይሸኙት፤ የመመለሻው ሞላ በሙሉ ኃይሉ ካልገፋ መዝጊያው ሳይገጥም ይቀርና ጥፋቱ የመሣሪያው ይመስልዎታል። አምስቱም ያለ መንተፋተፍ መግባትና ወደ አንድ አቅጣጫ መውጣት አለባቸው። ሁለቱንም ካዝና ይፈትኑ። አንዱ ካዝና እየነከሰ ሌላው ደህና ከሆነ ችግሩ የካዝናው ከንፈር፣ ማለትም ጥይቱን የሚይዘው የላይኛው ጠርዝ፣ ነው፤ ጠመንጃው አይወቀስ።

ሰብ-2000 የተለያዩ ሽጉጦችን ካዝና እንዲቀበል ተደርጎ በየዓይነቱ ስለሚሠራ «9 ሚሊ ነው» መባሉ አይበቃም፤ የየትኛውን ሽጉጥ ካዝና እንደሚቀበል ይጠይቁ። የመጨረሻዋ ጥይት ስታልቅ መዝጊያው ተከፍቶ ይቆም እንደሆነም ይዩ። በቀድሞዎቹ ሰብ-2000ዎች አይቆምም፤ ስለዚህ ጥይት መቁጠር የእርስዎ ሥራ ነው።

5. ምላጭና ሴፍቲ

መሣሪያው ባዶ ነው፣ ደግመው አይተውታል። ያቀባብሉ፣ ሴፍቲውን ይዝጉ፣ ምላጩን ጠበቅ አድርገው ይሳቡ፤ ምንም መሆን የለበትም። ጣትዎን ያንሱና ሴፍቲውን ይክፈቱ፤ አሁንም ዝም ማለት አለበት። እዚህ ላይ በራሱ «ጠቅ» ካለ መሣሪያው አደገኛ ነው። ቀጥሎ ምላጩን ይሳቡ፣ ይምታ፤ ምላጩን እንደሳቡ ይዘው ያቀባብሉና ቀስ ብለው ይልቀቁት፤ ተመልሶ መያዙ በጣትዎ ይሰማዎታል።

የሻንጣውን ሚዛን መንጠቆ ምላጩ ላይ አድርገው 5 ጊዜ ይለኩ። ቁጥሩ ትልቅ መሆኑ ብቻውን ችግር አይደለም፣ የእነዚህ ምላጭ ከባድ ነው። አንዱ 3 ኪሎ፣ ሌላው 4 ኪሎ የሚል ከሆነ ግን ጣትዎ አይለምደውም። ከ1.5 ኪሎ በታች ከወረደ አንድ ሰው ውስጡን ሞርዶት ሊሆን ይችላል፤ አይተኩሱት።

6. ሰውነትዎ ላይ ልኩን ይዩ

የጆሮ መሸፈኛውንና መነጽሩን አድርገው፣ በጠዋት ብርድ የሚለብሱትን ወፍራም ጃኬት ለብሰው ይሞክሩት። ዓይንዎን ጨፍነው ትከሻዎ ላይ ያድርጉት፣ ጉንጭዎን ያሳርፉ፣ ዓይንዎን ይክፈቱ። ማነጣጠሪያው ፊትዎ ላይ ካልጠበቀዎት ሰደፉ ለእርስዎ አልተለካም። ብዙ ሰው የሚዘነጋው የጆሮ መሸፈኛውን ነው፦ የሰደፉ ቱቦ ቀጭንና ዝቅ ያለ ስለሆነ ጉንጭ ሲጠጋ ትልቁ የጆሮ መሸፈኛ ይገፋና ይከፈታል። ያኔ ቀጠን ያለ መሸፈኛ ወይም ጆሮ ውስጥ የሚገባ መድፈኛ ያስፈልጋል።

«9 ሚሊ ስለሆነ አይመታም» አይበሉ። በእነዚህ ውስጥ መዝጊያው አይቆለፍም፤ የሚይዘው የራሱ ክብደትና ሞላው ብቻ ነው። ከባድ ብረት ወደ ኋላ ስለሚወረወር ምቱ ከጥይቱ መጠን በላይ ይሰማል፣ በቀጭኑ ቱቦ ላይም ጉንጭ አጥንትን ያገኛል።

7. የመጀመሪያዎቹ 8 ጥይቶች

በ25 ሜትር፣ በአሸዋው ከረጢት ላይ። መጀመሪያ 1 ጥይት ብቻ አጉርሰው ይተኩሱ። ከዚያ 2፣ ከዚያ 5። ምላጩ እስኪሳብ መምቻውን የሚይዘው ጥርስ ካረጀ በአንድ ስበት ሁለት ጥይት ሊያስወጣ ይችላል፤ ሁለት ብቻ ካጎረሱ አደጋው እዚያው ላይ ይቆማል። እንዲህ ካደረገ ፍተሻው አልቋል።

ከዚያ ከእያንዳንዱ ካዝና 10 ይተኩሱ፣ ቀለሆቹን ይልቀሙ። በባሩድ ጥላት መጥቆራቸው ከመዝጊያው አሠራር የመጣ ነው፣ አያስደንግጥዎ። ትንሽ መጎርበጥም እንዲሁ። ሥሩ ላይ ያበጠ ወይም መቀጣጠያው የተበሳ ቀለህ ካገኙ ግን ያቁሙ፤ መዝጊያው ሳይገጥም እየተኮሰ ወይም ጥይቱ ግፊቱ በዝቶ ሊሆን ይችላል።

ማስጠንቀቂያ፦ ድምፁ ከወትሮው አንሶ «ፕ» ብሎ ከቀረ ሁለተኛ እንዳይተኩሱ። ጥይቱ በርሜሉ ውስጥ ቀርቶ ይሆናል። ካዝናውን ነቅለው፣ ባዶነቱን አረጋግጠው፣ አጥፈው፣ በርሜሉን በዘንግ ይፈትሹ። ምላጭ ስበው ምንም ካልተኮሰ ደግሞ አፈሙዙን ወደ ኢላማው እንዳደረጉ 60 ሰከንድ ይጠብቁ፤ ዘግይቶ የሚነሳ ጥይት አለ።

8. ታጥፎ ሲመለስ የት ይመታል?

መጀመሪያ በ10 ጥይት ማነጣጠሪያውን በ25 ሜትር ያስተካክሉ። ከዚህ በኋላ የማነጣጠሪያውን ብሎን አይንኩ።

ሳያጥፉ፦ 4 ወረቀት፣ በእያንዳንዱ 5 ጥይት። በየወረቀቱ መሃል 5 ደቂቃ ያሳርፉት።

እያጠፉ፦ 4 ወረቀት፣ በእያንዳንዱ 5 ጥይት፣ እረፍቱ ያው ነው። ከእያንዳንዱ ወረቀት በፊት ባዶነቱን አረጋግጠው፣ አጥፈው፣ ዘርግተው።

የአምስቱን ቀዳዳ መሃል በየወረቀቱ ላይ በማርከር ምልክት ያድርጉ። ከዚያ አራቱን ወረቀት ደርበው ብርሃን ላይ ይያዙና መሃሎቹ ምን ያህል እንደተራራቁ ይለኩ።

«ሳያጥፉ» የሚለውን ክፍል ጥይት ለመቆጠብ ብሎ የሚዘለው ሰው ብዙ ነው፤ ያኔ ውጤቱ ምንም አይነግረውም። ምክንያቱም ምንም ሳይታጠፍም የአምስት ጥይት መሃል በራሱ ይዋዥቃል። ስብስብዎ፣ ማለትም በአንድ ወረቀት ላይ በጣም የተራራቁት ሁለት ቀዳዳዎች ርቀት፣ 6 ሴንቲ ሜትር ከሆነ መሃሉ ከ1 እስከ 2 ሴንቲ ሜትር ያለ ምክንያት ሊሄድ ይችላል። ማጠፊያው የሚወቀሰው ከዚያ ሲያልፍ ነው።

ሲነበብ እንዲህ ነው፦ ሳያጥፉና እያጠፉ በተተኮሱት ላይ የመሃሎቹ መራራቅ ተቀራራቢ ከሆነ ማጠፊያው ጤነኛ ነው። ሳያጥፉ 2፣ አጥፈው 5 ሴንቲ ሜትር ከሆነ ማጠፊያው አይመለስም። ሁልጊዜ ወደ አንድ አቅጣጫ ከሄደ ግን፣ ለምሳሌ ወደ ታች ብቻ፣ መቀርቀሪያው እስከ መጨረሻው እየገባ አይደለም፤ ቆሻሻ ወይም የላላ ብሎን ይፈልጉ፣ አጽድተው አንድ ጊዜ ይድገሙት። ስብስቡ ራሱ በከረጢት ላይ፣ በ25 ሜትር፣ ከ8 ሴንቲ ሜትር በላይ ከሆነ መጀመሪያ ጥይቱን፣ ቀጥሎ እጅዎን ይጠርጥሩ።

9. በ50 ሜትር

10 ጥይት ይበቃል። ማነጣጠሪያው ከበርሜሉ 5 ሴንቲ ሜትር ገደማ ከፍ ያለና በ25 ሜትር የተስተካከለ ከሆነ በ50 ሜትርም እዚያው አካባቢ ይመታል። በ100 ሜትር ከ15 እስከ 20 ሴንቲ ሜትር ይወርዳል። በ7 ሜትር ደግሞ ወደ 3 ወይም 4 ሴንቲ ሜትር ዝቅ ብሎ ይመታል፤ ጥይቱ ገና ከማነጣጠሪያው መስመር ጋር አልተገናኘም። በአዲስ አበባ አካባቢ ከፍታ አየሩ ስለሚሳሳ ጥይቱ ከባሕር ጠረፍ ይልቅ ትንሽ ቀጥ ብሎ ይሄዳል፣ በ25 እና በ50 ሜትር ግን ልዩነቱ አይታይም። ሰበብ አያድርጉት።

ብዙ ጊዜ የሚሠሩ ስህተቶች

ማጠፊያውን በዘይት ማራስ። በበጋው አቧራ ዘይቱ ከአፈሩ ጋር ተለውሶ መሞረጃ ይሆናል፣ መቀርቀሪያውንም ሙሉ በሙሉ እንዳይገባ ያደርጋል። ፒኑ ላይ አንድ ጠብታ፣ ከዚያ በደረቅ ጨርቅ መጥረግ ይበቃል። በክረምት ጭቃ ከገባበት አጥፈው በብሩሽ ያጽዱ እንጂ በውሃ አይርጩ።

በአንድ እጅ አወናጭፎ መዘርጋት። ፊልም ላይ ያምራል፤ መቀርቀሪያው ግን ጠርዙ ይበላል፣ ከጥቂት መቶ ጊዜ በኋላ የደረጃ 3ን «ቀጭ» ያመጣል።

ሲታጠፍ ጣት መቆንጠጥ። የፊቱን እጀታ ከመጋጠሚያው ርቀው ይያዙ።

ያገለገለ ሲገዙ ሻጩ አስቀድሞ አስተካክሎ ባመጣው ማነጣጠሪያ መደነቅ። የመጀመሪያዎቹ አምስት ጥይቶች መሃል መግባታቸው ስለ ማጠፊያው ምንም አይናገርም። ሻጩ «አሁን አጥፈህ ደግመህ ተኩስ» ሲባል ካንገራገረ መልሱን ሰጥቷል።

ትንሽ ቦርሳ ስለሚበቃው ብቻ ደብቆ መያዝ። ፈቃዱ ከእርስዎ ጋር፣ መሣሪያው ባዶና በተቆለፈ ሳጥን፣ ጥይቱ በሌላ ዕቃ። ቤትም እንዲሁ፣ ቁልፉም ልጅ በማይደርስበት።

ውሳኔው ላይ

በደረጃ 2፣ 5 ወይም 7 አደጋ ያሳየውን በምንም ዋጋ አይውሰዱ። በደረጃ 8 የወደቀ ግን ሌላው ሁሉ ደህና የሆነ ካርቢን ሁለት መንገድ አለው፦ ማነጣጠሪያውን ከበርሜሉ ጋር ወደሚንቀሳቀሰው ክፍል ማዛወር የሚቻል ከሆነ እሱን ማድረግ፣ ካልሆነ ደግሞ ሳያጥፍ ለሚጠቀምበት ሰው ብቻ መተው። በደረጃ 6 ያልተስማማዎት ሌላ ሰው ሊስማማው ይችላል፤ ያ የመሣሪያው ጉድለት አይደለም።

ስምንቱን ወረቀት አይጣሉ። ቀኑን፣ የጥይቱን ዓይነትና «ታጥፎ» ወይም «ሳይታጠፍ» የሚለውን ጥግ ላይ ጽፈው ያስቀምጡ። ከ500 ጥይት በኋላ ደረጃ 3ንና 8ን ሲደግሙ አዲሶቹን በአሮጌዎቹ ላይ ደርበው ብርሃን ላይ ይያዟቸው፤ ማጠፊያው ምን ያህል እንደላላ የሚታየው ያኔ ነው።